ወንድማማች ወይስ ጎረቤት? የጀርመንኛና የሩሲያኛ ቃላት መመሳሰል ከየት መጣ

የላይፕዚጓ፦
ሰላም ለሁላችሁ። ጀርመን አገር፣ ላይፕዚግ ከተማ ነርስ ነኝ። አብረውኝ ከሚሠሩት ብዙዎቹ ከፖላንድ፣ ከዩክሬንና ከሩሲያ የመጡ ስለሆኑ በእረፍት ሰዓት ጆሮዬ ውስጥ የሚገባው ጀርመንኛ ብቻ አይደለም። እየቆየ ቃላቱ የማውቃቸው ይመስሉኝ ጀመር። ወንድምን ጀርመኖች «ብሩደር»፣ ሩሲያውያን «ብራት» ይላሉ። እህት «ሽቬስተር» «ሴስትራ» ነው፤ አፍንጫ «ናዘ» «ኖስ»፤ ወተት «ሚልሽ» «ሞሎኮ»። የፖላንዷ ጓደኛዬ ኪያርን «ኦጉሬክ» ስትል ጀርመኖቹ «ጉርከ» ይላሉ። ድንበር ለእሷ «ግራኒትሳ»፣ ለእነሱ «ግሬንትሰ» ነው።

ጥያቄዬ፦ ሁለቱ ቋንቋዎች ከአንድ እናት የተወለዱ ናቸው ወይስ ጎን ለጎን ሲኖሩ ቃል የተዋዋሱ? ሁለቱም ከሆነስ የትኛው ቃል የውርስ፣ የትኛው የውሰት እንደሆነ በምን ይለያል?

ሌኒንግራድ_78፦
ልጄ፣ ጥሩ ጠየቅሽ። እኛ ወደ ሶቪየት ኅብረት የሄድን ጊዜ ወደ ምህንድስናው ከመግባታችን በፊት በመሰናዶ ፋኩልቲ ሩሲያኛ ብቻ እንማር ነበር። ያስተማሩን ሴትዮ እንግሊዝኛም የሚችሉ ስለነበሩ ቁጥሮቹን ጥቁር ሰሌዳ ላይ ጎን ለጎን ይጽፉልን ነበር።

መልሱ ሁለቱም ነው። ሁለቱም ኢንዶ-አውሮፓዊ በሚባለው ትልቅ የቋንቋ ቤተሰብ ውስጥ ናቸው። ሩሲያኛ፣ ፖላንድኛ፣ ቼክኛ፣ ሰርብኛ፣ ቡልጋሪያኛ በስላቭ ወገን፤ ጀርመንኛ፣ እንግሊዝኛ፣ ደችኛ፣ ስዊድንኛ፣ አይስላንድኛ በጀርመናዊው ወገን። ወንድም፣ እህት፣ አፍንጫ፣ ሦስት የሚሉት የውርስ ናቸው። ኪያርና ድንበር ግን ጀርመኖች ከስላቮች የወሰዷቸው ናቸው። በምን ይለያል ለሚለው እዚህ ከእኔ የተሻለ የሚያውቁ አሉ።

ሥርወ_ቃል፦
ጋሼ ያሉት ልክ ነው፤ ወደ ሁለተኛው ጥያቄ ልግባ፤ የዚህ ሁሉ ጥናት ልብ እሱ ላይ ነው። (የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።)

ሁለት ቃላት መመሳሰላቸው ብቻውን ምንም አያስረዳም። የሚያስረዳው ልዩነታቸው ሥርዓት ያለው መሆኑ ነው። ዴንማርካዊው ራስመስ ራስክ በ1818፣ ከእሱ በኋላ ደግሞ ያኮብ ግሪም በ1822 የጀርመንኛ ሰዋስው መጽሐፉን ሁለተኛ እትም ሲያወጣ ይህን ሥርዓት አሳዩ። በጀርመናዊ ቋንቋዎች ውስጥ ጥንታዊው «ፕ» ወደ «ፍ»፣ «ክ» ወደ «ህ» ሄዷል፤ «ት» ደግሞ እንግሊዞች ምላስ በጥርስ መሃል አድርገው ወደሚሉት ድምፅ ተለውጧል። አባትን ላቲን «ፓተር» ሲል ጀርመንኛ «ፋተር»፤ ቀንድን ላቲን «ኮርኑ» ሲል ጀርመንኛ «ሆርን»። «ግ» ወደ «ክ»፣ «ድ» ወደ «ት» የሄዱትም በዚያው ለውጥ ነው፤ ላቲን «ዱዎ» ያለውን እንግሊዝኛ «ቱ» ይላል። ስላቮች በዚህ ለውጥ አላለፉም። ስለዚህ ሩሲያኛው «ትሪ» (ሦስት) እና «ድቫ» (ሁለት) ከጀርመንኛው ይልቅ ለላቲኑ ይቀርባሉ።

ስላቮች ደግሞ የራሳቸው ለውጥ አላቸው። ጥንት ወደ ላንቃ ተጠግቶ ይነገር የነበረ የ«ክ» ዓይነት ድምፅ በእነሱ ዘንድ «ስ» ሆነ፤ የ«ግ» ዓይነቱ «ዝ» ሆነ። ላቲን «ኬንቱም» ያለውን መቶ ሩሲያኛ «ስቶ» ይለዋል። «ደኬም» (አሥር) በሩሲያኛ «ዴስያት» ነው። ልብ በጀርመንኛ «ሄርትስ»፣ በሩሲያኛ «ሴርድትሴ»።

አሁን ወደ ወተትሽ ልመለስ። ማለብ የሚለው ግስ ጥንታዊ ሥሩ ውስጥ ያ የ«ግ» ዓይነት ድምፅ አለበት፤ ላቲን «ሙልጌኦ» ይላል። በጀርመናዊው ሕግ «ግ» ወደ «ክ» ይሄዳል፤ እንግሊዝኛው «ሚልክ» እንደዚያው ነው። በስላቭ ሕግ ግን «ዝ» መሆን ነበረበት፤ በእርግጥም ስሎቬንኛ «አልባለሁ» ለማለት «ሞልዜም» ይላል። ታዲያ ሩሲያኛው «ሞሎኮ» ውስጥ ያ «ክ» ከየት መጣ? ብዙ ሊቃውንት «ከጀርመናውያን የተወሰደ ቃል ነው» የሚሉት በዚህ ምክንያት ነው። ቃሉ ውርስ ቢሆን ኖሮ የቤቱን ሕግ ይጠብቅ ነበር።

ጎጃሜው_በዋርሶ፦
ሥርወ_ቃል፣ ትንታኔህን ወድጄዋለሁ፤ ግን የወተቱ ነገር ተዘግቶ ያለቀ እንዳይመስል። «ሞሎኮ»ን እርጥበትን ከሚያመለክት ሌላ ሥር የወጣ የስላቭ የራሱ ቃል ነው የሚሉ አሉ። እኔም የማዘነብለው ወደዚያ ነው። ከብት የሚያረባ ሕዝብ የወተትን ስም ከጎረቤት ይበደራል ማለት ይከብደኛል።

ደግሞ የውሰቱ ነገር በአንድ አቅጣጫ ብቻ የሄደ ተደርጎ ይወራል። የላይፕዚጓ ከጠቀሰቻቸው ሌላ ጀርመኖች «ክቫርክ» የሚሉት አይብ ከስላቭ የመጣ ነው፤ ፖላንዶች «ትቫሩግ» ይሉታል። አለንጋውም «ፓይቸ» እንደዚሁ። የከተማሽ ስም ራሱ በተለምዶ የሚተረጎመው ከ«ሊፓ» ነው፤ ዛፍ ነው፣ ፖላንዶች አሁንም ላይፕዚግን «ሊፕስክ» ይሏታል። እ.ኤ.አ. በ1015 ክንውን ላይ የመርዘቡርጉ ጳጳስ ቲትማር «የሊብዚ ከተማ» ብሎ ሲጠቅሳት በዚያ አካባቢ ይነገር የነበረው የስላቭ ቋንቋ ነበር።

ሥርወ_ቃል፦
ተቃውሞው መኖሩ እውነት ነው፤ «ብዙ ሊቃውንት» ያልኩትም ስለዚያው ነው። ነገር ግን «ከብት አርቢ ሕዝብ የወተትን ስም አይበደርም» የሚለው ማስረጃ ሊሆን አይችልም። ስላቮች ዳቦን እንኳ ተውሰዋል። ሩሲያኛው «ህሌብ» ከጀርመናውያን ነው የመጣው፤ ጎቶች የሚባሉት ጥንታዊ የጀርመናዊው ወገን ሕዝብ «ህላይፍስ» ይሉት ነበር፣ እንግሊዝኛው «ሎፍ» ከዚያው ቃል ነው። የሰው ልጅ ዳቦ ሳይኖረው ቀርቶ አይደለም፤ አዲስ ዓይነት አጋገር ሲመጣ ስሙም አብሮ ሊመጣ ይችላል። ክርክሩን በድምፅ ሕግ ብቻ ብንይዘው ይሻላል።

የላይፕዚጓ፦
እሺ፣ የውሰት መሆኑ በድምፁ ይታወቃል እንበል። መቼ እንደተወሰደስ ይታወቃል? የጽሑፍ መዝገብ በሌለበት ዘመን?

ሥርወ_ቃል፦
በዚህ ሁሉ ውስጥ በጣም የምወደውን ጠየቅሽ።

በስላቭ ቋንቋዎች «ንጉሥ» የሚለው ቃል የሰው ስም ነው። ፈረንሳዮች ሻርለማኝ የሚሉት የፍራንኮች ንጉሥ ታላቁ ካርል በ768 ነገሠ፣ በ800 ሮም ላይ ንጉሠ ነገሥት ተብሎ ዘውድ ጫነ፣ በ814 ሞተ። በምሥራቅ በኩል ጎረቤቶቹ ስላቮች ነበሩ። ስሙ በአፋቸው «ንጉሥ» ማለት ሆኖ ቀረ። ዛሬ በሩሲያኛ «ኮሮል»፣ በቼክኛ «ክራል»፣ በፖላንድኛ «ክሩል»፣ በሰርብኛ «ክራል» ነው።

አሁን ቅርጾቹን ተመልከቺ። ጥንታዊ ስላቭኛ ውስጥ በሁለት ተነባቢዎች መሃል «ኦር» ወይም «ኦል» ሲመጣ እያንዳንዱ ቅርንጫፍ በራሱ መንገድ ለወጠው። ከተማ ወይም ምሽግ የሚለው «ጎርድ» በሩሲያኛ «ጎሮድ»፣ በቼክኛ «ህራድ»፣ በፖላንድኛ «ግሩድ»፣ በደቡብ ስላቮች «ግራድ» ሆነ። (የጋሼ መጠሪያ ውስጥ ያለው «ግራድ» ወደ ሩሲያኛ የገባው ከቤተ ክርስቲያን ስላቮንኛ ነው፤ የራሱ የሩሲያኛው ቅርጽ ኖቭጎሮድ ላይ ያለው ነው።) የካርል ስም በትክክል በዚሁ መንገድ አልፏል። ስለዚህ ስሙ ስላቮች ዘንድ ሲደርስ ለውጡ ገና አልተጠናቀቀም ነበር ማለት ነው። ጽሑፍ ያልነበረውን የድምፅ ለውጥ ዘመን አንድ ንጉሥ በስሙ ይነግረናል፤ ወደ 800 አካባቢ።

ሌላው «ክንያዝ» ነው፤ በሩሲያኛ መስፍን ማለት ነው። የመጣው ከጥንታዊ ጀርመንኛ «ኩኒንጋዝ» ነው፤ እንግሊዝኛው «ኪንግ» እና ጀርመንኛው «ኮኒግ» የዚያው ልጆች ናቸው። ጥንታዊው ቅርጽ እንደዚያ እንደነበር የሚመሰክረው ፊንላንድኛ ነው፤ ከኢንዶ-አውሮፓዊ ቤተሰብ ውጭ ሆኖ ሳለ ቃሉን ወስዶ እስከ ዛሬ «ኩኒንጋስ» ይላል።

ደብተራ_ልጅ፦
ጎቶች ከተነሱ አንድ ነገር ልጨምር፤ ወደ እኛም ይደርሳልና።

ከጀርመናዊ ቋንቋዎች ሁሉ ረጅም ጽሑፍ ያለው የመጀመሪያው ጎትኛ ነው። በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጳጳሱ ዉልፊላ ከግሪክ ፊደል፣ በከፊልም ከላቲንና ሩን ከሚባሉት የጥንት ጀርመናውያን ፊደላት ተነሥቶ ፊደል አዘጋጀ፤ መጽሐፍ ቅዱስን ተረጎመ። በሐምራዊ ብራና ላይ በብርና በወርቅ ቀለም የተጻፈው የወንጌል መጽሐፍ ዛሬ ስዊድን ኡፕሳላ ዩኒቨርሲቲ ይገኛል፤ ስዊድኖች በ1648 ከፕራግ የወሰዱት ነው። አባታችን ሆይ እንዲህ ይጀምራል፦ «አታ ኡንሳር»።

ዉልፊላ የአባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን የዘመን እኩያ ነው። ከአገሩ በስደት ሲወጣ ከነተከታዮቹ በሮም ግዛት ውስጥ እንዲሰፍር የፈቀደለት ንጉሠ ነገሥት ዳግማዊ ቆንስጣንጢዮስ ነበር። ይኸው ንጉሠ ነገሥት ለኢዛናና ለሳይዛና ደብዳቤ ጽፎ አባ ሰላማን ወደ እስክንድርያ እንዲልኩት ጠይቋል፤ ቅዱስ አትናቴዎስ ደብዳቤውን በጽሑፉ ውስጥ አኑሮልናል። ዉልፊላ በንጉሡ ወገን፣ አባ ሰላማ በአትናቴዎስ ወገን። የጎትኛ መጽሐፍ ቅዱስና የአክሱም ክርስትና በአንዱ የአርዮስ ክርክር ሁለት ጎን ቆመው ነበር።

የስላቮቹም ከዚህ አይተናነስም። በ863 የተሰሎንቄዎቹ ወንድማማቾች ቄርሎስና መቶድዮስ ወደ ሞራቪያ ሄደው ግላጎሊቲክ በሚባል ፊደል ቅዳሴውንና መጻሕፍቱን በስላቭኛ አዘጋጁ። የባቫሪያ ጳጳሳት መቶድዮስን እስር ቤት እስከ መክተት ደርሰዋል። ያ ቋንቋ በኋላ እንደ ግዕዝ ሆነ፤ ሕዝቡ አፉን በሌላ ፈታ፣ ቤተ ክርስቲያን ግን በእሱ ቀደሰች።

ሥርወ_ቃል፦
ደብተራ_ልጅ፣ እግዜር ይስጥልኝ። የግዕዝና የአማርኛውን ነገር ካነሳህ የሉዶልፍን ቤተሰብ ልጨምርልህ። ሂዮብ ሉዶልፍን ሁላችንም እናውቀዋለን፤ ከአባ ጎርጎርዮስ ተምሮ የአማርኛ ሰዋስው በ1698 ያሳተመው የኤርፉርት ሰው። ከእሱ ቋንቋ የተማረው የወንድሙ ልጅ ሃይንሪሽ ቪልሄልም ሉዶልፍ ወደ ሞስኮ ሄዶ ነበር፤ በ1696 ኦክስፎርድ ላይ የሩሲያኛ ሰዋስው አሳተመ፤ የሚነገረውን ሩሲያኛ ከቤተ ክርስቲያን ስላቮንኛ ለይቶ የገለጸ የመጀመሪያው መጽሐፍ ነው። ሩሲያውያን በሩሲያኛ ይናገራሉ፣ በስላቮንኛ ይጽፋሉ ብሎ አስተውሏል። አጎቱ ስለ አማርኛና ግዕዝ ያየውን እሱ ሌላ አገር ሄዶ አየው።

ሌኒንግራድ_78፦
ይህን አላውቅም ነበር፤ በጣም ደስ ብሎኛል። አንድ ጥያቄ እኔም አለኝ። ስላቭ፣ ባልት (እነ ሊቱዌንኛ) እና ጀርመናውያን አንድ ጊዜ ለብቻቸው አንድ ቅርንጫፍ ነበሩ የሚል ሰምቻለሁ። ዛሬም ይባላል?

ሥርወ_ቃል፦
ጋሼ፣ ያ የአውጉስት ሽላይኸር ሐሳብ ነው። በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አጋማሽ ቋንቋዎችን በዛፍ ቅርጽ ሲስል እነዚህን ሦስቱን ከአንድ ግንድ አወጣቸው። ምክንያት አልነበረውም አይባልም። ላቲንና ሳንስክሪት ለብዙ ቁጥር «ለ...» የሚለውን ሙያ በ«ብ» ድምፅ ሲያመለክቱ፣ ስላቭ፣ ሊቱዌንኛና ጀርመናዊ ቋንቋዎች በ«ም» ያመለክታሉ። «ሺህ» የሚለው ቃልም ያገናኛቸዋል፤ በጀርመንኛ «ታውዘንት»፣ በሩሲያኛ «ቲስያቻ»፣ በሊቱዌንኛ «ቱክስታንቲስ»።

ነገር ግን ከላይ ያልኩት የ«ስቶ» ለውጥ ስላቭን ከሊቱዌንኛ፣ ከሳንስክሪትና ከፋርስኛ ጋር ያሰልፈዋል፤ ጀርመናዊው ወገን በዚህ ውስጥ የለበትም። አንዱ ምስክር ወደ ምዕራብ፣ ሌላው ወደ ምሥራቅ ይጎትታል። የሽላይኸር ተማሪ የነበረው ዮሃንስ ሽሚት በ1872 «ዛፉ አይበቃም፤ ለውጥ እንደ ማዕበል ከጎረቤት ወደ ጎረቤት ይሄዳል» አለ። ዛሬ አብዛኛው ሰው ባልትና ስላቭን አንድ ላይ ያደርጋል፤ ጀርመናዊውን ግን ለብቻው ይተወዋል፤ የ«ም»ን ጉዳይ ደግሞ የቆየ ጉርብትና ነው ይለዋል።

ይህን ክርክር በሥርዓት የመረመረው ላይፕዚግ ላይ ያስተምር የነበረው አውጉስት ሌስኪን ነው። በ1876 የስላቭ-ሊቱዌንኛንና የጀርመናዊውን የስም ርባታ የሚያነጻጽር መጽሐፍ አወጣ። የድምፅ ሕግ «ከዚህ ቃል በቀር» የሚባል ነገር አያውቅም የሚለውን አቋም በዚያ መጽሐፍ አጥብቆ ያዘ። ብሩግማንና ኦስትሆፍ በ1878 ይህንኑ ሐሳብ ይዘው አዲስ የምርምር መንገድ አወጁ። በኋላ ዝነኛ የቋንቋ ሊቅ የሆነው ወጣቱ ሶሱር በዚያው ዘመን ላይፕዚግ ተማሪ ነበር። በ1913 እና 1914 ደግሞ ሌሎቹ ዝነኛ የቋንቋ ሊቃውንት ትሩቤትስኮይና ብሉምፊልድ በዚያው ዩኒቨርሲቲ ተቀምጠው ተምረዋል።

እኔ የምለው ይኼ ነው፦ የጀርመንኛ ጥናት ለብቻው፣ የስላቭኛ ጥናት ለብቻው እየተባለ መከፈሉ በኋላ የመጣ ነው። ሲያድጉ አብረው ነው ያደጉት። ግሪም ያን መጽሐፍ ባሳተመበት በ1822 ቼካዊው ሊቅ ዶብሮቭስኪ ቪየና ላይ የጥንታዊ ስላቭኛን ሰዋስው አወጣ። በ1824 ግሪም የሰርቡን የቩክ ካራጂችን ሰዋስው ወደ ጀርመንኛ ተርጉሞ መግቢያ ጻፈለት። የግሪምን ሕግ ትልቅ ቀዳዳ የደፈነውም የስላቭ ሊቅ ነው። «ፋተር» እና «ብሩደር» የሚሉት ሁለቱም ጥንት «ት» ነበራቸው፤ ታዲያ ለምን አንዱ «ት» አንዱ «ድ» ሆኑ? ዴንማርካዊው ካርል ቬርነር ምሥጢሩ ጥንታዊው የድምፅ ጫና የወደቀበት ቦታ መሆኑን አሳየ፤ ሳንስክሪት «አባት»ን ሲል ጫናው መጨረሻ ላይ፣ «ወንድም»ን ሲል መጀመሪያ ላይ ነው። ቬርነር ሩሲያኛን እዚያው ሩሲያ ሄዶ የተማረ፣ በኋላም ኮፐንሃገን የስላቭ ቋንቋዎች መምህር የሆነ ሰው ነው። ሩሲያኛ ጫናው ከቦታ ቦታ የሚዘዋወር ቋንቋ ነው፤ እሱን የለመደ ጆሮ ጫናን ችላ ማለት አይችልም።

ጎጃሜው_በዋርሶ፦
በዚህ ሙሉ በሙሉ እስማማለሁ።

ስላቭኛ ለመማር ለምትፈልጉ ከራሳችን ቋንቋ አንድ መግቢያ ልስጣችሁ። ስላቭኛን የሚያስፈራው ተነባቢዎቹ በየርባታው መለዋወጣቸው ነው። ሩሲያኛ «ፒሳት» (መጻፍ) ይልና «እጽፋለሁ» ሲል «ፒሹ» ይሆናል፤ «ቮዲት» (መንዳት) «ቮዡ» ይሆናል። ግን አማርኛ ተናጋሪ ይህን በየቀኑ ያደርገዋል። ወንዱን «ሂድ»፣ ሴቷን «ሂጂ»፤ «ጨርስ»፣ «ጨርሺ»፤ «ውጣ»፣ «ውጪ»። «ኢ» ወይም «ይ» የፊተኛውን ድምፅ ወደ ላንቃ ይስበዋል፤ በስላቭም የሆነው ይኸው ነው። እዚህ ዋርሶ ለመጡ ወገኖች ይህን ከነገርኳቸው በኋላ ርባታው ቶሎ ይገባቸዋል።

የላይፕዚጓ፦
ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። እዚህ ቅርብ ባውትስን ከተማ የመንገድ ምልክቱ ሁሉ በሁለት ቋንቋ ነው፤ «ቡዲሺን» የሚል ስም አብሮ ተጽፏል። ሶርብኛ ነው አሉኝ። ስለሱ የሚያውቅ አለ?

ጎጃሜው_በዋርሶ፦
አለ እንጂ። ሶርቦች ጀርመን ውስጥ የቀሩ ስላቮች ናቸው። ላይኛው ሶርብኛ ባውትስን አካባቢ፣ ታችኛው ኮትቡስ አካባቢ ይነገራል፤ ታችኛው በጣም ተዳክሟል። ከእነሱ ወደ ሰሜን ምዕራብ ይነገር የነበረው ፖላቢኛ ግን በ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጠፍቷል። የምናውቀውን ያህል ያወቅነው ክርስቲያን ሄኒግ የሚባል የመንደር ቄስ ቃላቱን ስለሰበሰበ፣ ዮሃን ፓሩም ሹልትሰ የሚባል ገበሬም በማስታወሻው ስለጻፈልን ነው። ሄኒግና ሹልትሰ ባይኖሩ ኖሮ የምናውቀው እጅግ ያነሰ ይሆን ነበር፤ ይህን ሳስብ ልቤ ይነካል።

ሶርብኛ ውስጥ ከነጠላና ከብዙ ሌላ ለሁለት ብቻ የሚሆን ቁጥር አለ። ስሎቬንኛም ጠብቆታል፤ «እኛ ሁለታችን» ለማለት «ሚድቫ» ይላል። ዐረብ አገር ያላችሁ «ዮሜን» ስትሉ የምታውቁት ነገር ነው። ጎትኛም በተውላጠ ስሙ ነበረው፤ «ዊት» ይል ነበር።

የላይፕዚጓ፦
የመጨረሻ አንድ ቃል ልጠይቅ። ማረሻ በጀርመንኛ «ፕፍሉግ»፣ በሩሲያኛ «ፕሉግ» ነው። ማን ከማን ወሰደ?

ሥርወ_ቃል፦
አብዛኛው ሰው ስላቮች ከጀርመናውያን ወሰዱ ይላል፤ ተቃራኒውን የሚሉም አሉ። የጀርመንኛው «ፕፍ» ቃሉ በደቡብ ጀርመን የተከሰተው፣ «ፕ»ን ወደ «ፕፍ» የቀየረው ሁለተኛው የድምፅ ለውጥ ከመድረሱ በፊት እዚያ እንደነበረ ያሳያል። ነገር ግን ለጀርመናውያንም የራሳቸው አይመስልም። በግሪም ሕግ ጀርመናዊ «ፕ» የሚመጣው ከጥንታዊ «ብ» ነው፤ በጥንታዊው ኢንዶ-አውሮፓዊ ደግሞ «ብ» እጅግ ጥቂት ነበር። በ«ፕ» የሚጀምር ጥንታዊ የጀርመናዊ ቃል ስታገኚ በመጀመሪያ መጠየቅ ያለብሽ ከየት መጣ ብለሽ ነው። ሮማዊው ፕሊኒ ከአልፕስ አካባቢ፣ ከሬቲያ፣ ጎማ ያለው ማረሻ መውጣቱን ጽፎ የማረሻውን የአገሬው ስም «ፕላው» በሚል ድምፅ ይጀምረዋል።

ጎጃሜው_በዋርሶ፦
እንግዲያው ሁለቱም ከሦስተኛ ሕዝብ ወስደውት ሊሆን ይችላል።

ሥርወ_ቃል፦
ይችላል። ለእኔም የሚታየኝ እሱ ነው፤ ግን ጀርመናውያኑ ቀድመው ወስደው ለስላቮች ያስተላለፉት ይመስለኛል።